ድንጋይ የሆነው ጀላቲ፣ አልረጋም ያለው ጀላቲ፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

አዳማ ላይ ሙቀቱ የሚበረታው ከየካቲት እስከ ሰኔ ነው። ቀትር ላይ ከ30 ዲግሪ ሲያልፍ ልጆች ወደ ሱቅ ሮጠው ጀላቲ ይዘው ይመለሳሉ። አብዛኛው ከቀለምና ከስኳር በቀር ፍሬ የሚባል ያልነካው፣ በላስቲክ የታሰረ በረዶ ነው። በዚሁ ወቅት ግን ማንጎው፣ ፓፓያውና ሐብሐቡ በጋሪ ተጭኖ ደጃፋችን ድረስ ይመጣል። ከፍራፍሬ ጀላቲ ቤታቸው ለመሥራት የሞከሩ አንባቢዎቻችን ብዙ ናቸው፤ የጻፉልን ደግሞ በአብዛኛው የተበላሸባቸው ናቸው። የዛሬው ዓምድ ለእነሱ ነው።

በመልሶቹ ውስጥ «ማንኪያ» ስንል አፉ ድረስ የተስተካከለ እንጂ የተከመረ አይደለም። አንድ የሾርባ ማንኪያ ስኳር 12 ግራም ያህል ነው። የፈሳሽ መለኪያ የሌለው ሰው የግማሽ ሊትር ሃይላንድ ይበቃዋል።

ጥያቄ፦ ማንጎ ፈጭቼ፣ በውሃ አቅጥኜ ፍሪዘር ውስጥ አስገባሁት። በማግሥቱ ድንጋይ ሆነ። ልጆቼ ጥቂት እንደመጠጡት ቀለሙም ጣዕሙም ወጥቶ አለቀና እንጨቱ ላይ ነጭ በረዶ ቀረ። ስኳር የቀነስኩት ለጥርሳቸው አስቤ ነው። (የሦስት ልጆች እናት፣ ከፍራንኮ)

መልስ፦ እኅታችን፣ ችግሩ ሁለት ነው፤ ውሃው በዝቷል፣ ስኳሩ አንሷል። ውሃ ሲረጋ ንጹሕ በረዶ ሆኖ ነው የሚረጋው። ስኳሩን፣ ኮምጣጣነቱንና የፍሬውን ጣዕም ወደ ጎን እየገፋ ይሄዳል። የተገፋው ጣፋጭ ፈሳሽ ሳይረጋ በበረዶው ቅንጣቶች መካከል እንደ ሽሮፕ ይቀመጣል። ጀላቲውን ጥርስ የሚገባበት የሚያደርገው ይህ ሽሮፕ ነው። ስኳር ሲያንስ ሽሮፑ ያንሳል፤ ቅንጣቶቹ እርስ በርስ ተያይዘው ድንጋይ ይሆናሉ። ልጆቹ ሲመጥጡት ያቺው ትንሽ ሽሮፕ ተመጥጣ ትወጣና የሚቀረው እርስዎ የጨመሩት ውሃ ነው።

ጥሩ ጀላቲ ከጠቅላላ ክብደቱ ከ17 እስከ 20 በመቶ ስኳር ይዞ ይገኛል፤ የፍሬው የራሱ ስኳር ተቆጥሮ ማለት ነው። የበሰለ ማንጎ ከ100 ግራሙ 14 ግራም አካባቢ ስኳር ስላለው የሚጨመርለት ብዙ አይደለም። ሐብሐብ ግን ከ100 ግራሙ ከ8 እስከ 9 ግራም ብቻ ስለሆነ የበለጠ ይፈልጋል።

የማንጎውን እንዲህ ይሥሩት። ተልጦ፣ ዘሩ ወጥቶ የተፈጨ 700 ግራም ማንጎ፣ 7 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፣ 120 ሚሊ ሊትር ውሃ፣ 2 የሾርባ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂና በሁለት ጣት ጫፍ የተቆነጠረ ጨው። ይህ 80 ሚሊ ሊትር የሚይዝ ፎርማ ቢሆን 11 ወይም 12 ጀላቲ ይወጣዋል። በመጀመሪያ ስኳሩን ከውሃው ጋር እሳት ላይ ያሟሙት፤ እስኪጠራ ድረስ ብቻ፣ ሳይወፍር። ስኳርን በደረቁ ብሌንደር ውስጥ መጨመር ያልሟሟው ታች እንዲዘቅጥ ያደርጋል፤ ያን ጊዜ የጀላቲው ጫፍ ልስልስ፣ እንጨቱ ያለበት ወገን ደግሞ ጠንካራ ይሆናል። ስኳሩ ውሃ ሙሉ በሙሉ ሲቀዘቅዝ ከማንጎው ጋር ይምቱት። ማንጎው ቃጫ የበዛበት ከሆነ በማጥለያ ያጥልሉት፤ ቃጫው ሲረጋ እንደ ክር ከጥርስ ጋር ይተናነቃል።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚዘነጋት ነገር አለች። ብሌንደር አየር ያስገባል፤ ላይ አረፋ ይሰፍራል። ወዲያው ከቀዱት አረፋው ፎርማው አፍ ላይ ነጭ ሽፋን ሠርቶ ይረጋል። 15 ደቂቃ ያስቀምጡትና አረፋውን በማንኪያ ገፈው ይጣሉት።

ከመቅዳትዎ በፊት ይቅመሱት። ሞቅ ብሎ ወይም በቤት ሙቀት ሲቀመስ «ትንሽ በዛ» የሚያሰኝ ጣፋጭነት ልክ ነው፤ ምላስ በቅዝቃዜ ሲደነዝዝ ጣፋጭ ይቀንስበታልና። ሎሚውም ለዚሁ ነው፤ ማንጎ ያለ ሎሚ ሲቀዘቅዝ ድፍን ይላል።

ማንጎውን በሌላ ፍሬ መተካት ከፈለጉ፦ ለብርቱካን 800 ሚሊ ሊትር ጭማቂ፣ 7 ማንኪያ ስኳር፣ ውሃ የለውም። ለሐብሐብ 800 ሚሊ ሊትር ጭማቂ፣ 9 ማንኪያ ስኳር፣ 2 ማንኪያ ሎሚ፤ ይህም ውሃ አይጨመርበትም፣ ስኳሩን ከራሱ ጭማቂ አንድ ብርጭቆ ወስደው ለብ አድርገው ያሟሙበት። ለፓፓያ 700 ግራም፣ 8 ማንኪያ ስኳር፣ 80 ሚሊ ሊትር ውሃ፣ ሎሚው 3 ማንኪያ ይድረስ። ብርቱካን በብሌንደር የሚመታ ሰው ዘሩንና ነጩን ልጣጭ አንድም ሳያስቀር ያውጣ፤ ዘሩ ሲፈጭ የሚለቀው ምሬት ስኳር አይሸፍነውም።

የጥርሱን ነገር በመጠን ይፍቱት። ስኳሩን ከመቀነስ 40 ወይም 50 ሚሊ ሊትር የሚይዝ ትንሽ ፎርማ መጠቀም ይሻላል፤ ሲጨርሱም ውሃ ይጠጡበት።

ጥያቄ፦ ሚዛንም የለኝ፣ የስኳሩን በመቶም ማስላት አልችልም። ልኩን በዓይን የማውቅበት መንገድ አለ? (ከቦሌ፣ አዳማ)

መልስ፦ አለ፤ ያውም እንቁላል ነው። ለተጠለለ ጭማቂ ብቻ ይሠራል፤ ወፍራም የማንጎ ወይም የአቮካዶ ፍጭ ላይ አይሆንም። ትኩስ እንቁላል በሳሙና በደንብ ታጥቦ ከጭማቂው በተቀነሰ አንድ ብርጭቆ ውስጥ ይገባል። ታች ከተኛ ስኳሩ አንሷል። ከሥር ተነሥቶ ላይ ሊደርስ ሲል፣ ወይም ጫፉ ብቻ የጭማቂውን ገጽ ሲነካ፣ 20 በመቶ አካባቢ ነዎት። የአንድ ብር ሳንቲም የሚያህል ቅርፊት ከላይ ከታየ ለጀላቲ በዝቷል፤ ያ በማንኪያ ለሚበላ የፍራፍሬ በረዶ ነው የሚሆነው። እንቁላሉ ትኩስ ይሁን፤ የቆየ እንቁላል ውስጡ አየር ስለሚይዝ በቀላል ጭማቂም ይንሳፈፋል፣ ያሳስትዎታል። የተፈተነበትን ጭማቂ ደግሞ አፍልተው አቀዝቅዘው ይመልሱት፤ ጥሬ የእንቁላል ቅርፊት ነክቶታል። ጾም የያዘ ቤት በማንኪያ ልኩ ይሥራ።

ጥያቄ፦ የኔ ከሰው ሁሉ ተቃራኒ ነው። ሐብሐብ ጨምቄ፣ ለአንድ ሊትር አንድ ኩባያ ማር ጨምሬ፣ ማታ 2 ሰዓት ላይ ፍሪጁ አናት ላይ ባለችው ትንሽ ክፍል አስቀመጥኩ። ጠዋት 1 ሰዓት ላይ ስከፍት እንደ አጥሚት ነው፤ እንጨቱ ተዘርጥጦ ወጣ። (ከደምበላ)

መልስ፦ ወንድማችን፣ ማሩም ፍሪጁም እኩል ድርሻ አላቸው።

ማር በክብደት ከስኳር የበለጠ በረዶን ይከለክላል። ሱቅ የምንገዛው ስኳር አንዱ ቅንጣት ሁለት ቀላል ስኳሮች ተጣምረው የተሠራ ነው፤ ማር ውስጥ ግን ሁለቱ ተለያይተው ነው ያሉት፤ ስለዚህ በቁጥር ይበዛሉ። በረዶ እንዳይሠራ የሚያውከው ደግሞ ቁጥራቸው ነው። አንድ ኩባያ ማር 340 ግራም ያህል ነው፤ ይህ ለአንድ ሊትር ሐብሐብ፣ ጠንካራ ፍሪዘር ውስጥም ቢሆን፣ ልስልስ ያደርገዋል። ለአንድ ሊትር ከ3 የሾርባ ማንኪያ ማር አይለፍ፤ ሌላውን ጣፋጭነት በስኳር ይሙሉት። ቤት ውስጥ ዓመት ያልሞላው ሕፃን ካለ ደግሞ ማር ያለበትን ጀላቲ አያስቀምሱት፤ ለዚያ ዕድሜ ማር በማንኛውም መልኩ ክልክል ነው።

ወደ ፍሪጁ እንሂድ። የላይኛዋን ክፍል በር ይመልከቱ፤ የኮከብ ምልክት ይኖራታል። አንድ ኮከብ ማለት ከዜሮ በታች 6 ዲግሪ፣ ሁለት ኮከብ 12፣ ሦስትና ከዚያ በላይ 18 ዲግሪ ነው። ከላይ የሰጠናቸው መጠኖች ባለ ሦስት ኮከብ ፍሪዘር ታስበው ነው። ባለ አንድ ኮከብ ክፍል ላለው ሰው ስኳሩ መቀነስ አለበት፤ ለማንጎው ከ7 ማንኪያ ወደ 3፣ ለሐብሐቡ ከ9 ወደ 5። ጣፋጭነቱ ይቀንሳል፤ ስለዚህ ፍሬው በጣም የበሰለውን ይምረጡ። ፎርማውም ቀጭንና ትንሽ ይሁን፣ ከ50 ሚሊ ሊትር ያልበለጠ።

ክፍሏ ግድግዳ ላይ የጣት ውፍረት የሚያህል አመዳይ ከጋገረ ቅዝቃዜውን ያግዳል፤ ፍሪጁን አጥፍተው ያቅልጡት። በቢላ ግን በፍጹም አይፈልፍሉት። ከአመዳዩ ሥር ያለው ስስ ቆርቆሮ ከተበሳ ጋዙ ወጥቶ ያልቅና ጥገናው ከጀላቲ በላይ ያስወጣል። ከዚያ ፎርማዎቹን በስስ የብረት ዝርግ ሳህን ላይ ይደርድሩ፤ ክፍሏ ወለል ላይ ሁለት ሦስት ማንኪያ ውሃ አፍስሰው ሳህኑን እላዩ ያስቀምጡ። ውሃው ረግቶ ሳህኑን ከወለሉ ጋር ያጣብቀዋል፤ ቅዝቃዜው ያለ አየር ክፍተት በቀጥታ ይገባል። የሚገርም የጊዜ ልዩነት ያመጣል። ጭማቂው ራሱ ከመግባቱ በፊት በታችኛው ክፍል ሁለት ሰዓት ቀዝቅዞ ይግባ፤ ለብ ያለ ነገር ማስገባት ክፍሏን ያሞቃታል። መቆጣጠሪያውን ከሦስት ሰዓት በፊት መጨረሻው ላይ ያድርሱት።

ፍጥነት ለባለ ሦስት ኮከቡም ይጠቅማል። በፍጥነት የረጋ በረዶ ቅንጣቱ ደቃቅ፣ ምላስ ላይ ለስላሳ ነው፤ ቀስ ብሎ የረጋው ትልልቅ መርፌ ሠርቶ ይኮሰኩሳል። ስለዚህ በአንድ ጊዜ 30 ጀላቲ አይከመርም።

ያ አጥሚት የሆነው ሐብሐብ አይደፋ። ያለ ማር ሌላ አንድ ሊትር ጭማቂና 3 ማንኪያ ሎሚ ቀላቅለው እንደገና ያስገቡት።

ጥያቄ፦ ፓፓያን ከወተት ጋር መትቼ ሠራሁ። ስቀላቅለው ጣፋጭ ነበር፤ ሲረጋ ግን እንደ ሬት መረረ። ወተቱ ተበላሽቶ ይሆን? (እናት፣ ከፖስታ ቤት)

መልስ፦ እናታችን፣ ወተቱ አልተበላሸም። ፓፓያ ውስጥ ፓፓይን የሚባል ፕሮቲን ቆራጭ ነገር አለ፤ ሥጋ የሚያለሰልሱበትም ለዚህ ነው። ከወተት ጋር ሲገናኝ የወተቱን ፕሮቲን ይቆራርጠዋል፤ ከቁርጥራጩ የሚወጣው ጣዕም መራራ ነው። ሥራው ጊዜ ይወስዳል፤ ስለዚህ ወዲያው ሲቀመስ አይታወቅም። እየቀዘቀዘ ባለበት ሰዓት ሁሉ ግን ይቀጥላል።

አናናስም እንደዚሁ ነው፤ ግን የእሱ በሙቀት በቀላሉ ይሸነፋል። ከትፈው እሳት ላይ ጥደው መፍላት ከጀመረ 5 ደቂቃ ቢቆይ ከወተት ወይም ከእርጎ ጋር ይስማማል። የፓፓያው ሙቀት ስለሚቋቋም ማፍላቱን አንመክርም፤ ጣዕሙም ይሞታል። ፓፓያን በሎሚ ብቻ ይሥሩት፤ ወተት ካማረዎ ማንጎ፣ ሙዝ ወይም እንጆሪ ይምረጡ። ወተቱ ፈልቶ የቀዘቀዘ ይሁን። ሎሚና ብርቱካን ወተት ውስጥ ከገቡ ያቋጥሩታል፤ ለእነሱ እርጎ ይሻላል።

ጥያቄ፦ የጀላቲ ፎርማ ገበያ አጣሁ። በምን ልሥራ? እንጨቱስ ለምን ይዘማል?

መልስ፦ የእርጎ ፕላስቲክ ኩባያ፣ የወረቀት የቡና ኩባያ፣ ትንንሽ የብረት ኩባያ ሁሉም ይሆናል። የወረቀቱ ሲደርስ ተቀዶ ይጣላል፣ ማውጣት አያስቸግርም። የብርጭቆና የሸክላ ሲኒ አይጠቀሙ፤ ውሃ ሲረጋ 9 በመቶ ያህል ስለሚሰፋ ይሰነጥቃቸዋል። ለዚሁ ሲባል በማንኛውም ፎርማ ከአፉ በታች ግማሽ ጣት ቦታ ይተዉ።

እንጨት የሚዘመው ወይም የሚንሳፈፈው ጭማቂው ፈሳሽ ሳለ ስለሚገባ ነው። መጀመሪያ ከ45 ደቂቃ እስከ አንድ ሰዓት እንደ ገንፎ እስኪሆን ይቆይ፤ ከዚያ ቀጥ ብሎ ይቆማል። ወይም አፉን በፎይል ሸፍነው፣ በቢላ ጫፍ ቀድደው በዚያ ያስገቡት። የአይስክሬም እንጨት ከሌለ የሻይ ማንኪያ ራሱ ይሆናል፤ እጀታው ወደ ላይ።

ለማውጣት ፎርማውን ከ10 እስከ 20 ሰከንድ ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ነክሮ ቀጥታ ወደ ላይ መሳብ ነው። እንጨቱን ማዞር ከሥሩ ያላቅቀዋል። የፈላ ውሃ ደግሞ ውጪውን አቅልጦ ቅርጹን ያጠፋል።

ጥያቄ፦ ዐቢይ ጾም ላይ ነን፤ ወተት አይገባም። ልጆቹ ደግሞ ከጁስ ቤት ስፕሪስ ለምደው አሁን በእንጨት አድርጊልን ይሉኛል። አቮካዶ፣ ማንጎና ፓፓያ ሳይደባለቁ በንብርብር ማርጋት ይቻላል? አቮካዶው ጠቆረብኝ። (ከቦኩ)

መልስ፦ እኅታችን፣ ይህ ጥያቄ በጣም ደስ ብሎናል። ከጾም ጀላቲ ሁሉ አቮካዶን የሚያህል የለም፤ ቅባቱ የወተትን ቦታ ይተካል፣ በረዶው መካከል ገብቶ ያለሰልሰዋል። የሙቀቱም ወር ብዙ ጊዜ ከጾሙ ጋር ይገጥማል።

ከአቮካዶው ይጀምሩ። 400 ግራም የአቮካዶ ሥጋ (ሁለት ትልልቅ ፍሬ ያህል)፣ 350 ሚሊ ሊትር ውሃ፣ 13 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፣ 4 የሾርባ ማንኪያ ሎሚ፣ ቁንጥር ጨው። ስኳሩ የበዛው አቮካዶ የራሱ ስኳር የለውም ማለት ስለሚቻል ነው። የሚጠቁረው አየር ሲያገኘው ነው፤ ሎሚው ያዘገየዋል፣ ግን የሚገባው መጨረሻ ላይ ከሆነ ዘግይቷል። ሎሚውንና ቀዝቃዛውን ስኳር ውሃ አስቀድመው ብሌንደር ውስጥ ይጨምሩ፤ አቮካዶውን ከቆረጡ በኋላ በቀጥታ እዚያው ይክተቱት። ቃጫ ያለውን ወይም ሥጋው ላይ ቡናማ ነጠብጣብ የታየበትን ይተዉ፤ ጣዕሙ ሲቀዘቅዝ ይጎላል።

የንብርብሩ ምስጢር ጊዜና ቅዝቃዜ ነው። መጀመሪያ ፓፓያውን እስከ ፎርማው ሲሶ ይቅዱና 45 ደቂቃ ያስቀምጡት። በጣት ጫፍ ሲነኩት ላዩ የማይሰበር፣ ግን ድንጋይ ያልሆነ ይሁን። ፈሳሽ ከሆነ ማንጎው ሰምጦ ይቀላቀላል። ሌሊቱን ሙሉ አድሮ ከጠጠረ ደግሞ ቀጣዩ ንብርብር አይያያዘውም፤ ልጁ ሲነክሰው መሐሉ ላይ ለሁለት ይከፈላል። ሁለተኛው ማንጎ ነው፤ ከታችኛው የፍሪጅ ክፍል የወጣ ቀዝቃዛ ይሁን፣ በማንኪያ ጀርባ ላይ እያንጠባጠቡ ይቅዱት። እንጨቱ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። ከ45 ደቂቃ በኋላ አቮካዶው ይከተላል። አቮካዶውን መጨረሻ ያደረግነው በዓላማ ነው፤ ወፍራም ስለሆነ እንጨቱን አፉ ላይ አጥብቆ ይይዛል።

ጁስ ቤት ስፕሪስ ላይ ቪምቶ ጠብ እንደሚያደርጉት ከፈለጉ፣ በንብርብሮቹ መካከል አንድ የሻይ ማንኪያ ብቻ። ከዚያ ከበዛ ስኳሩ ሳይረጋ ይቀርና እዚያው ላይ ይቆረጣል።

የፍሬ ቁራጭ ማስገባት የምትወዱ ሌሎችም ጠይቃችኋል። ቁራጩን በአንድ ማንኪያ ስኳር ለውሳችሁ ግማሽ ሰዓት አቆዩት፤ እንደዚያ ካልሆነ የቁራጩ ውሃ ጥርስ የሚሰብር ጠጠር ይሆናል። ከአራት ዓመት በታች ለሆነ ልጅ ግን ቁራጭ አይግባ፤ ያንቀዋል።

ጥያቄ፦ መብራት ይጠፋል፣ ይመጣል። ቀልጦ መልሶ የረጋ ጀላቲ ለልጅ ይሰጣል?

መልስ፦ ዋናው ነገር ምን ያህል እንደቀለጠ ማወቅ ነው። ትንሽ የፕላስቲክ ኩባያ ውሃ አርጉና ሳንቲም በላዩ አስቀምጡ፤ እዚያው ፍሪዘር ውስጥ ይኑር። ከቤት ርቃችሁ ስትመለሱ ሳንቲሙ ላይ ካለ ምንም አልሆነም። መሐል ወይም ታች ከሰመጠ ኩባያው ቀልጦ ነበር ማለት ነው፤ ጀላቲውማ ከኩባያው ቀድሞ ነው የሚቀልጠው።

ከፍሬ፣ ከስኳርና ከሎሚ ብቻ የተሠራው ለስልሶ በረዶው ገና ካልጠፋ መልሶ ቢረጋ አይጎዳም፤ ሻካራ ብቻ ይሆናል። ወተት ወይም እርጎ ያለበት ሙሉ በሙሉ ቀልጦ ከሁለት ሰዓት በላይ በሙቀት ከቆየ ይጣል።

መብራት ሲጠፋ በሩን አትክፈቱ። ለብቻው የቆመ፣ የሞላ ፍሪዘር ሳይከፈት 48 ሰዓት ይይዛል፤ ግማሽ የሆነው 24። ባዶ ቦታውን ውሃ በሞሉ ሃይላንዶች መሙላት ይጠቅማል። ፍሪጅ አናት ላይ ያለችው ክፍል ግን የጥቂት ሰዓት ጉዳይ ናት።

የረጋውን ጀላቲ ከፎርማ አውጥታችሁ አንድ በአንድ በላስቲክ ጠቅልሉ። ሥጋና ሽንኩርት ባለበት ፍሪዘር ጠረን በፍጥነት ይስባል። ከአንድ ወር እስከ ስድስት ሳምንት ጣዕሙ ጥሩ ነው፤ ከዚያ ላዩ ይደርቃል።

ጥያቄ፦ ፍሪዘር ተሕዋስያንን ይገድላል ይባላል። የቧንቧ ውሃ ሳላፈላ ልጠቀም? (ከፍራንኮ)

መልስ፦ አይገድልም። ቅዝቃዜ ያስተኛቸዋል፤ ጀላቲው አፍ ውስጥ ሲቀልጥ ይነሣሉ። ተቅማጥም ታይፎይድም በበረዶ ይተላለፋል። ውሃውን ተንተክትኮ ከፈላ በኋላ አንድ ደቂቃ ያቆዩት፤ አዳማ ከባሕር ወለል በላይ ከ2000 ሜትር በታች ስለሆነች ይበቃል። ፍሬውንም ከመላጥዎ በፊት ይጠቡት፤ ቢላው የሐብሐቡን ልጣጭ ቆሻሻ ይዞ ወደ ሥጋው ይገባል።

ከጉድጓድ የሚቀዱ አንባቢዎች አንድ ነገር ይወቁ። በስምጥ ሸለቆ የከርሰ ምድር ውሃ ውስጥ ፍሎራይድ በብዙ ቦታ ከፍተኛ ነው፤ ጥርስን ቡናማ ያደርጋል። ማፍላት ፍሎራይድን አያወጣም፤ ውሃው ሲተን እንዲያውም ይጠናል። ለልጆች በሚሆን ጀላቲ የታወቀና የታከመ ውሃ ይጠቀሙ፤ ወይም ውሃ የማይገባባቸውን ሐብሐብና ብርቱካን ይምረጡ።

ጥያቄ፦ እናቴ ስኳር አለባት። ፍራፍሬ ስለሆነ ትብላ?

መልስ፦ የፍሬ ስኳርም ስኳር ነው፤ ተፈጭቶ ሲጠጣ ደግሞ ከሚታኘከው ይፈጥናል። መጠኑን ከሐኪማቸው ጋር ይወስኑ። ለእሳቸው የከርከዴ ጀላቲ ይሥሩላቸው፤ አንድ እፍኝ ከርከዴ በአንድ ሊትር የፈላ ውሃ 10 ደቂቃ ተዘፍዝፎ፣ ተጠልሎ፣ ጥቂት እንጆሪ ተፈጭቶበት። ስኳር ስለሌለው ጠንካራ ይሆናል፤ ከፍሪዘር ወጥቶ 5 ደቂቃ ይቆይላቸው፤ ወይም ፍቀውት በማንኪያ ይብሉት።

ጥያቄ፦ እኔ የ13 ዓመት ልጅ ነኝ። እኛ ቤት ፍሪጅ የለም። ከጎረቤት በረዶ ማግኘት እችላለሁ። ያለ ፍሪዘር ጀላቲ ይሠራል? (ከደምበላ)

መልስ፦ ይሠራል፣ ያውም ከብዙ ፍሪጅ በፈጠነ። በረዶና ጨው ሲቀላቀሉ ጨው በረዶውን ያቀልጠዋል፤ በረዶ ደግሞ ለመቅለጥ ሙቀት ይፈልጋልና ከዙሪያው ይወስዳል። ድብልቁ ከዜሮ በታች ከ15 ዲግሪ በላይ ሊወርድ ይችላል።

ጎረቤት ባለ ሁለት ሊትር ሃይላንድ ሁለት ያህል ውሃ እንዲያረጉልህ ጠይቃቸው፤ ሲያረጉት ሙሉ እስከ አፉ አይሞላ። ሃይላንዱን ቅደድና በረዶውን ንጹሕ ጆንያ ውስጥ ከትተህ በዘነዘና ስበረው፤ ቅንጣቱ እንደ ባቄላ ይሁን። ለሦስት እጅ በረዶ አንድ እጅ ያልተፈጨ ርካሽ ጨው፤ ለ3 ኪሎ በረዶ 1 ኪሎ ጨው ማለት ነው። ሰፊ ባልዲ ውስጥ ሰጋቱራ ወይም አሮጌ ጨርቅ አንጥፍና መካከሉ ላይ ትንሽ ባልዲ አስቀምጥ፤ ከውጭ የሚመጣውን ሙቀት ይመልስልሃል። በትንሹ ባልዲ አንድ ረድፍ በረዶ፣ አንድ ረድፍ ጨው እያልክ ሙላ። ጭማቂውን በትንንሽ የብረት ኩባያ ቅዳ፤ ብረት ቅዝቃዜ ቶሎ ያስገባል። አፋቸውን በላስቲክ ሸፍነህ በክር አጥብቀህ እሰር፤ አንዲት ጠብታ ጨው ውሃ ከገባ ጀላቲው ተበላሸ። ኩባያዎቹን በበረዶው እስከ አንገታቸው ቅበር፣ ባልዲውን በብርድ ልብስ ሸፍን።

ከግማሽ ሰዓት በኋላ ግለጥና እንጨቱን ሰካ። ከዚያ ወዲህ አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ይበቃዋል። በረዶው እየቀለጠ ሲወርድ ከላይ ሌላ በረዶና ጨው ጨምርበት፤ ከታች የተጠራቀመውን ውሃ ግን አትድፋ፣ እሱም ቀዝቃዛ ነው። ድብልቁን በባዶ እጅህ አትዝገን፤ ቆዳ ያቃጥላል፣ በማንኪያ ሥራ። ኩባያውን ስታወጣ ክሩን ከመፍታትህ በፊት ውጪውን በንጹሕ ውሃ አጥበህ ጥረገው፤ አለዚያ ጨው አፉ ላይ ይንጠባጠባል። የጨው ውሃውን አትክልት ላይ አትድፋው፣ ያደርቀዋል። በፀሐይ በዝርግ ሳህን አስጥተህ ጨውን መልሰህ ማግኘት ትችላለህ፤ ለሚቀጥለው ዙር ይሆንሃል።